የሂዩ ሌናርድ አባት የት ነው ያለው? በመጽሐፉ ወይስ በመድረኩ?

የክርክሩ ጥያቄ፦ የአየርላንዱ የቴአትር፣ የቴሌቪዥንና የፊልም ደራሲ ሂዩ ሌናርድ (1926–2009 እ.ኤ.አ.) የአሳዳጊ አባቱን ሕይወት ሦስት ጊዜ ጽፎታል። መጀመሪያ በ1973 «ዳ» በተሰኘው ቴአትር፣ ቀጥሎ በ1979 «ሳይመሽ ቤት መግባት» ተብሎ ሊተረጎም በሚችለው የትዝታ መጽሐፉ፣ በመጨረሻም በ1988 ራሱ ለፊልም ባዘጋጀው «ዳ» ነው። «ዳ» በደብሊን ሰዎች አነጋገር «አባባ» እንደማለት ነው። ለሰውየው ይበልጥ የታመነው የትኛው ነው?

የመጽሐፉ ወገን፦

የሌናርድን የሥራ ዝርዝር የሚያይ ሰው በመጀመሪያ የሚደነቀው በብዛቱ ነው። ደብሊን በሚገኘው የመሬት ኮሚሽን 14 ዓመት በቢሮ ሠራተኛነት አገልግሎ ከለቀቀ በኋላ ወደ እንግሊዝ ተሻግሮ ለቴሌቪዥን ሲጽፍ፣ ካቀረባቸው ሥራዎች ብዙዎቹ ከሌሎች ደራስያን ልቦለዶች የተወሰዱ ነበሩ፤ በ1967 የኤሚሊ ብሮንቴን፣ በ1968 የቻርልስ ዲከንስን ልቦለድ ለቢቢሲ ወደ ተከታታይ ድራማ ለውጧል። ሙያውን አልነቅፍም፤ እንጀራው ነበር። ነገር ግን የሰው ወርቅ አያደምቅምና የራሱን ድምፅ ለመስማት የምሻ ከሆነ የምገልጠው የትዝታ መጽሐፉን ነው።

መጽሐፉ የሚከፈተው በአያቱ ነው፤ ሴትዮዋ መሞትን የዕድሜ ልክ ሥራዋ አድርጋው እንደነበር ይነግረናል። በዚህች አጭር ዐረፍተ ነገር ውስጥ የቤተሰቡ መሰላቸት፣ የሕፃኑ ግራ መጋባትና የጎልማሳው ሣቅ አንድ ላይ ተቀምጠዋል። ተዋናይ፣ መብራት፣ ጭብጨባ አላስፈለገም። በቴአትሩ ግን የሞተው አባት መንፈስ ሆኖ ከወጥ ቤት ጓዳ እየተመላለሰ ተመልካቹን ያስቃል። በ1978 ኒው ዮርክ ወደደው፣ የዓመቱ ምርጥ ቴአትር ተብሎም ቶኒ የተባለው የአሜሪካ የቴአትር ሽልማት ተሰጠው። የኒው ዮርክ ተመልካች የወደደው ሽማግሌ፣ ዳልኪ በምትባለው የባሕር ዳር መንደር የሀብታሞችን አትክልት ሲኮተኩት ከኖረው ሰው ጋር አንድ ስለመሆኑ ግን እጠራጠራለሁ።

የመድረኩ ወገን፦

ባልደረባዬ ተረቱን በቦታው አምጥተውታል፤ ቅደም ተከተሉን ግን ዘለውታል። ቴአትሩ መጽሐፉን በስድስት ዓመት ይቀድማል። ስለዚህ እርስዎ ንጹሕ ትዝታ የሚሉት ነገር በእጅዎ የደረሰው በመድረክ ከተፈተነ፣ በተዋንያን አንደበት ከተነገረ በኋላ ነው። ስሙን ራሱ ይመልከቱ። በጨቅላነቱ ለማደጎ የተሰጠው ይህ ሰው ሲወለድ ጆን ባይርን ነበር። የአየርላንድ ብሔራዊ ቴአትር ቤት የሆነው አቢ ቴአትር አንድ ድርሰቱን ሲመልስበት፣ ቀጣዩን የላከው ውድቅ ከሆነው ድርሰት ውስጥ ካለ አንድ ገጸ ባሕርይ በተዋሰው ስም ነበር። ይኸኛው በ1956 ለመድረክ በቃ፣ ስሙም በዚያው ጸና። በመጽሐፉ ሽፋን ላይ ያለው ስም የቴአትር ሰው ስም ነው እንግዲህ።

«የሰው ወርቅ» ስላሉትም አንድ ነገር ልበል። አየርላንዳውያን በእንግሊዝ አገዛዝ ላይ የተነሡበት የ1916ቱ የፋሲካ ዐመፅ 50ኛ ዓመት በ1966 ሲከበር ሌናርድ ለአየርላንድ ቴሌቪዥን ስምንት ክፍል ያለው ድራማ ጽፎ ነበር፤ በዚያ ዘመን ቴሌቪዥን የነበረ ይመስል ዐመፁን በየዕለቱ የሚዘግብ ዜና አድርጎ አቀረበው። ይህን ከማን ተዋሰው? በ1980 የጄምስ ፕለንኬትን ልቦለድ ይዞ በ1913 ደብሊን ውስጥ አሠሪዎች በሠራተኞች ላይ በር የዘጉበትን ዘመን በሰባት ክፍል ሲያሳይስ፣ ያን ሁሉ ሕዝብ በልክ መቁረጥ የቅጂ ሥራ ነው?

ወደ አባትየው ልመለስ። በቴአትሩ ውስጥ አባት ዕድሜውን ከፈጀበት ቤት ከእመቤቲቱ የሚሰጠው ስጦታ አለ፦ በ1906 የሳን ፍራንሲስኮ የመሬት መንቀጥቀጥ ጊዜ ቀልጠው እርስ በርስ የተጣበቁ 30 መነጽሮች። ማንም የማያደርገው፣ ለምንም የማይረባ ጉድ ነው። አባት በሁለት እጁ ይዞ እንደ ብርቅ ዕቃ ያመሰግናል፤ ልጁ በውርደቱ ይቃጠላል። ይህ ዕቃ በሰው እጅ ላይ ሆኖ ሲታይ ስለ አሽከርነት መቶ ገጽ ቢጻፍ የማይነግረንን ይነግረናል። ፊልሙን በተመለከተ አልሟገትም። ካሜራ ለመንፈስ ስለሚመቸው፣ በመድረክ የነበረው አስደንጋጭነት ቀንሷል።

የመጽሐፉ ወገን፦

መነጽሮቹን እቀበላለሁ። የማልቀበለው የውርሱን ገንዘብ ነው። ልጁ ከለንደን ሆኖ ለዓመታት ለአባቱ ገንዘብ ሲልክ ይኖራል፤ ከቀብሩ በኋላ አባት አንዷን ሳንቲም ሳይነካ እንዳስቀመጠለትና መልሶ እንዳወረሰው ይረዳል። ልብ ይነካል፣ እውነት ነው፤ ነገር ግን እንደ ሳጥን ክዳን ልክክ ብሎ የሚገጠም መጨረሻ የድርሰት ጸሐፊ እጅ ያለበት ነው። የሰው ኑሮ እንዲህ ተስተካክሎ አይዘጋም። መጽሐፉ የላላውን ነገር እንደላላ የመተው ነፃነት ነበረው።

የመድረኩ ወገን፦

ተዘጋ ካሉኝ ትዕይንቱን እንደገና ያንብቡት። ልጁ ለአባቱ የነበረበትን ዕዳ የከፈለ መስሎት ነበር፤ ገንዘቡ ሲመለስለት ዕዳውም አብሮ ተመልሶበታል፣ አሁን ደግሞ የሚቀበለው ሰው የለም። ልጁ ይህን እንደ ሽንፈት እንጂ እንደ ምርቃት አይቆጥረውም። ከዚያም ወረቀቱን አቃጥሎ፣ ቤቱን ቆልፎ ወደ ለንደን ሊሄድ ሲነሣ፣ የሞተው አባቱ እያንጎራጎረ ከኋላው ይከተለዋል።