ሰው በሞተ ቁጥር መዝገብ መዝጋት ይብቃ

ሰሞኑን አንድ ጠበቃ ሬዲዮ ላይ ስለ ውርስ ክፍፍል ክስ ሲያስረዱ፣ ክርክሩ መሀል ተከሳሽ ከሞተ ወራሾቹ እስኪተኩ መዝገቡ ይዘጋል፣ ወራሾቹን ፈልጎ ማስገባትም የከሳሽ ስራ ነው አሉ። እሺ። ቀጥለው ግን "መዝገብ ቢዘጋ መብት አይጠፋም፣ ሲሟላላችሁ ታስከፍታላችሁ" ሲሉ ታክሲ ውስጥ ሆኜ ደሜ ፈላ።

እንዴት ነው የማይጠፋው? ጉለሌ ያለውን የአያቴን ቤት እናቴና እህቷ ለመካፈል የከሰሱት በ2009 ነው። ቤቱን ይዞ የነበረው አጎቴ 2012 ላይ አረፈ፣ ነፍሱን ይማር፣ መዝገቡም ተዘጋ። ከዛን ጊዜ ጀምሮ ሦስቱን ሰርቪስ እያከራዩ የሚበሉት ልጆቹ ናቸው፣ እናቴ እስከዛሬ አንድ ብር አላየችም። ነገ ማስከፈቻ ስናስገባ ደግሞ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1000 ላይ ያለችውን የ3 ዓመት የውርስ ክስ ማቅረቢያ ጊዜ ጠቅሰው ጊዜው አልፏል፣ በይርጋ ይታገድ እንደሚሉን ከአሁኑ አውቀዋለሁ።

ተተኪ ለማስገባት የሚጠየቀውን ደግሞ እዩት። የሟች የሞት ምስክር ወረቀትና የልጆቹ የወራሽነት ማረጋገጫ ነው። ማረጋገጫውን አዲስ አበባ ላይ የሚሰጠው የከተማው ፍርድ ቤት ነው፣ የሚያመለክተው ደግሞ ወራሹ ራሱ ነው፣ ቁጥር 996 ለወራሽ ነው የሚሰጠው። እናቴ ሄዳ የወንድሜን ልጆች ወራሽነት አረጋግጡልኝ ብትል አንቺ ማነሽ ነው የምትባለው፣ ምክንያቱም ልጆቹ እያሉ እሷ የወንድሟ ወራሽ አይደለችም! ልጆቹ ካላወጡ መዝገቡ አይከፈትም፣ መዝገቡ ካልተከፈተ ቤቱ አይካፈልም፣ ቤቱ ካልተካፈለ ኪራዩ የነሱ ነው፣ ታዲያ ምን ቸገራቸውና ያወጣሉ? አንዷ ቤሩት ናት፣ ውክልና በኤምባሲ ትላክ ስትባል ዛሬ ነገ እያለች ሁለት ዓመት አለፈ። ቁልፉን ለተከሳሽ ሰጥቶ ከሳሽን በሩን ክፈት ማለት ፍትህ አይደለም።

መዝገብ ለመዝጋት የሚሰጠው "ሟች አይከሰስም" የሚለው ምክንያትም ምንም አያስኬድም። ሟችን ማን ከሰሰ? ውርስ የሚከፈተው ሰውየው በሞተበት ቅጽበት ነው፣ ሕጉ ቁጥር 826 ላይ ብሎታል፣ ስለዚህ ባለመብት የሌለበት አንድ ቀን እንኳን የለም። በዛ ላይ ይሄ የብድር ክስ አይደለም፣ ክፍፍል ነው፣ ሁሉም ጠያቂም ተጠያቂም ነው። የአጎቴ ድርሻ ሲሶ ነው። በህይወት ቢኖርም ሲሶ፣ አራት ልጆቹ ቢተኩም ሲሶ፣ ልጆቹ እርስ በርስ ቢጣሉም ያው ሲሶ። ፍርድ ቤቱ የሁለቱን እህቶች ድርሻ ወስኖ የሟችን ሲሶ ወራሾቹ እስኪታወቁ ማስቀመጥ ምን ይከብደዋል? ቤቱ በዓይነት ካልተከፈለ በሐራጅ ይሸጥና የሟች ገንዘብ ፍርድ ቤት በአደራ በሚቀበልበት ደረሰኝ፣ በሞዴል 85፣ ይቀመጥ።

ወራሽ ያልሆነ ሰው ሰርጎ እንዳይገባ ማጣራት ያስፈልጋል፣ ይሄን አልክድም። ግን የሚያጣራው ቤቱን የያዘው ይሁን። ተከራካሪ ሞተ በተባለበት ቀጠሮ ዳኛው ንብረቱ ውስጥ ያለውን ሰው በ30 ቀን የወራሾቹን ስምና አድራሻ አቅርብ ይበለው፣ ማረጋገጫ እስኪያመጣ ኪራዩ ፍርድ ቤት ይግባ፣ የጠፋ ወራሽ ካለ አዲስ ዘመን ላይ ጥሪ ይውጣ። ኪራዩ ከእጃቸው በወጣ ማግስት ማረጋገጫው ይመጣል፣ የቤሩቷም ውክልና ይደርሳል፣ እመኑኝ።

እናቴ ዘንድሮ 76 ሞላት። ባለፈው ከፍርድ ቤት ስንወጣ ደረጃው ላይ ቆማ "እኔስ ስሞት ማን ሊተካኝ ነው?" አለችኝ። አንዱ ወንድሜ ሲያትል ነው፣ አንዱ ዱባይ።