ማስተካከያ፦ ቀናቱ ማግ ናቸው እንጂ ድር አይደሉም

ባለፈው ሳምንት ጊዜን ስለሚሸምን ማኅበር የፈጠራ ታሪክ ጽፌ ነበር። መሥራቹ እንጦጦ ሥር፣ ሽሮ ሜዳ ተቀምጠው ዓመትን እንደ ጋቢ የሚሸምኑ አዛውንት ናቸው። እሳቸውም ማኅበሩም የምናቤ ውጤት ናቸው። ሽመናውና የቀን ቆጠራው ግን እውነቱን መያዝ ነበረባቸው፤ ሁለቱም ላይ ተሳስቻለሁ።

«360 ቀናትን ድር አድርገው ወጠሩ» ብያለሁ። ሽሮ ሜዳ ያሉ አንድ ሸማኔ አባት ይህን አንብበው ጠሩኝና ሥራቸውን አሳዩኝ። እግራቸውን ጉድጓዱ ውስጥ ከተው ተቀምጠዋል። ድሩ ገና ከጅምሩ ሙሉውን ከፊታቸው ተወጥሯል። በእግራቸው ሲረግጡ ድሩ ከሁለት ይከፈላል፤ ማጉን የያዘው መወርወሪያ በመሃል ሽው ብሎ ያልፋል። ያለፈው ማግ ተመትቶ ይጠጋል። መወርወሪያው እንደገና ይመለሳል። ጨርቁ የሚያድገው እንዲህ አንድ በአንድ ነው። ቀንም የሚመጣው እንደዚሁ ስለሆነ ቀናቱ ማግ ናቸው። ድር ከሆኑማ ዓመቱ ሳይጀመር አልቋል ማለት ነው!

ቁጥሩም ልክ አይደለም። 12 ወር በ30 አባዝቼ ጳጉሜን ረሳኋት። በሩፋኤል ዝናብ ስጠመቅ ያደግኩ ሰው ይህን መርሳቴ በጣም ቆጭቶኛል። ትክክለኛው 365 ነው፤ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ጳጉሜ 6 ቀን ስለምትሆን 366 ይሆናል። ታሪኩንም አርሜዋለሁ፤ አዛውንቱ አሁን የዓመቱን ጥለት የሚጥሉት በጳጉሜ ነው።