ይድረስ ለክቡር የሞተር ሳይክል ጥገና ማኑዋል፣ ባሉበት

ለጤናዎ እንደምን ሰንብተዋል? እኔ ከናፍቆትዎ በስተቀር፣ ሞተሬም ከቴስታታዋ (ከሲሊንደሯ ክዳን) ጠቅ ጠቅ በስተቀር፣ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን።

ይህን ደብዳቤ የምጽፍልዎ ከሐዋሳ ነው፤ መናኸሪያ አካባቢ፣ አንድ ዛፍ ሥር፣ የተገለበጠ የቢራ ሳጥን ላይ ተቀምጬ። ሞተሯ እስክትቀዘቅዝ ጠብቅ ተብያለሁ። ማን እንዳለኝ በኋላ እነግርዎታለሁ። ጊዜ አለኝ፣ ቂምም አለኝ።

ሦስት ሳምንት ሙሉ ፈለግኩዎት። ሞተሯን የገዛሁት ያገለገለች ናት፤ የሸጠልኝ ሰው ቁልፍና ሊብሬ አስረከበኝ። «ማኑዋልስ?» ብዬ ብጠይቀው «ምን ያደርግልሃል? ሞተር ናት እኮ፣ አውሮፕላን አይደለች!» ብሎ ሳቀብኝ። እኔም አብሬው ሳቅኩ። ያን ጊዜ ጠቅ ጠቅ አላለችማ።

መጀመሪያ ያገኘሁት ታናሽ ወንድምዎን ነው፣ ያንን ለባለቤቱ የሚሰጠውን ቀጭን ደብተር። ጎረቤቴ ጋ ተኝቶ ነበር። ምስኪን ልጅ ነው፣ ክፉ አልናገረውም። ሄልሜት አድርጉ ይላል። መስታወት ስለማስተካከል አንድ ሙሉ ገጽ አለው። «ቫልቭ» የሚለውን ቃል (ጠቅ ጠቅ የሚለው የአየርና የጭስ መክደኛ ነው) ፍለጋ ገጽ ሳገላብጥ አምሽቼ በመጨረሻ አንዲት መስመር አገኘሁ፦ «ወደ ሕጋዊ ወኪላችን ይውሰዱት»። እሺ፣ የት ነው ወኪሉ? ጀርባው ላይ ያለው ስልክ በ86 ይጀምራል። የቻይና ኮድ ነው። እስከዚያ ገፍቼ ልውሰዳት?

እና ወደ ኢንተርኔት ወጣሁ። እዚያማ ስምዎ የትም አለ፣ እርስዎ የሉም። «አውርድ» የሚል አምስት አረንጓዴ ቁልፍ ተደርድሮ አራቱ ማስታወቂያ ናቸው፤ አምስተኛው የካርድ ቁጥር ይጠይቃል፣ ያውም ዶላር የሚከፍል። ሌላው 12 ገጽ ካሳየኝ በኋላ 13ኛው ላይ ደበዘዘብኝ፤ ቫልቭ የሚጀምረው ደግሞ 13 ላይ ነው። ቴሌግራም ላይ አንድ ልጅ «አለኝ ብሮ» ብሎ ላከልኝ። 180 ሜጋ። ፓኬጄን ጠርጎ በላና ሲከፈት የልብስ ማጠቢያ ማሽን ሆነ። አንተ ሰውዬ፣ ታሾፋለህ እንዴ? ይቅርታ፣ አንቱታው አምልጦኝ ነው።

የገባኝ አንድ ቀን ከሞተሯ ሆድ ላይ ጭቃ ስጠርግ ነው። ለካ ችግሩ በተሳሳተ ስም መጥራቴ ነው። ሰልቫትዮው (የቤንዚን ጋኑ) ላይ የተለጠፈው ስም የላስቲክ ጌጥ ነው፤ አንዷ ሞተር በሦስት ስም ትሸጣለች። እውነተኛው ስም ብረቱ ላይ ተቀርጿል፦ 156 ኤፍ ኤም አይ። 1 ማለት አንድ ሲሊንደር፣ 56 የሲሊንደሩ ስፋት በሚሊሜትር፣ ኤፍ በአየር የሚቀዘቅዝ፣ ኤም ሞተር ሳይክል፣ አይ ደግሞ የ125 ሲሲ መደብ። በዚህ ስም ስፈልግ የዘር ሐረጓ ወጣ። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ የተወለደችው የጃፓኗ ሆንዳ ሲጂ 125 ግልባጭ ናት! ቫልቮቿን በረጃጅም ዘንግ የምትገፋዋ ማለት ነው። የልጅቱ ማኑዋል የለም እንጂ የእናትየዋ ሞልቷል። ይህን ሦስት ሳምንት ሙሉ ደበቁኝ፣ አይደል?

ተገናኘንም። ፎቶ ኮፒ ቤት ሄጄ 30 ገጽ አስነሳሁዎት። መግባባት ግን አልቻልንም። እርስዎ እንግሊዝኛ ነው የሚያወሩት፤ ጋራዥ ውስጥ ደግሞ ሰው ሳያውቀው ጣሊያንኛ ያወራል። ካንዴላ (እሳት የምትሰጠዋ)፣ ፍሪሲዮን፣ ካቻቢቴ (ብሎን መፍቻው)፣ ዳዶ፣ ማርሚታ። ጣሊያን በ1933 ዓ.ም. ቢወጣም ቃላቱን ጋራዥ ረስቶ ነው የሄደው። እኔ በመሃል አስተርጓሚ ሆኜ ቀረሁ። ደግሞ ያቺ አመልዎ፣ ሲደክምዎ የሚጽፏት፦ «መግጠሚያው የመፍቻው ተቃራኒ ነው»። ባለፈው እሑድ አንዲት ሞላ ከእጄ ተፈናጥራ የጎረቤት ግቢ ገባች። የዚህ ተቃራኒ ምንድን ነው? ጎረቤቴ መልሶ ይወርውርልኝ?

ስለዚህ ዛሬ ተሸንፌ መካኒኩ ጋሼ ጋ መጣሁ። ጋሼ የካቻቢቴውን ጫፍ ቴስታታው ላይ፣ እጀታውን ጆሮው ላይ አድርጎ ዓይኑን ጨፈነ። «ቫልቯ ሰፍታለች» አለ። «ትቀዝቅዝ፣ ትኩስ ሞተር ይዋሻል»። እርስዎም ያው ነው የሚሉት፣ በሁለት አንቀጽ። ከዚያ ክፍተቷን ሊለካባት ከሸሚዝ ኪሱ ምላጭ አወጣ።

«ስንት ሚሊ ነው ጋሼ?»

«ምላጭ ነው።»

«ምላጩ ስንት ነው?»

«ምላጭ ምላጭ ነው። ገብቶ ያዝ ካደረገ በቃ።»

እርስዎ የቫልቭ ክፍተቱን 0.08 ሚሊሜትር ይላሉ። የጢም ምላጭ ውፍረቱ 0.1 ገደማ ነው። ልዩነታችሁ ሁለት መቶኛ ሚሊሜትር። እኔ ሦስት ሳምንት፣ አንድ ፓኬጅና አንድ ሞላ የከሰርኩት ለዚህች ነው።

ካንዴላዋም ጠቁራ ወጣች፣ ከሰል ትመስላለች። የአየሩንና የቤንዚኑን ልክ የምትመጥነው የአየሯ ብሎን ስንት ዙር እንደምትከፈት ጽፈዋል፣ አመሰግናለሁ። ግን ሐዋሳ ከባሕር ወለል 1,700 ሜትር ገደማ ላይ መሆኗን ማን ይንገርዎ? አየሩ ሲሳሳ ቤንዚኑ ይበዛል፣ ካንዴላዋ ጥላሸት ትለብሳለች። ጋሼ ዙር አይቆጥርም። ድምፅዋን እየሰማ እንደ ክራር ይቃኛታል።

አሁን ቀዝቅዛለች፣ ልጨርስ። ጋሼ ካርቡሬተሩንም ልፍታው ብሏል። ፎቶ ኮፒዎቹን አሳየሁት። አገላበጠ፣ ሥዕሉን አየ፣ «ቆንጆ ነው» አለ፣ ወረቀቱ ወፈር ያለ መሆኑን በጣቱ አረጋገጠ። ከዚያ ገጽ 43ን መሬት ላይ አነጠፈና እንዳይጠፉ ብሎ ትንንሾቹን ብሎኖች አንድ በአንድ ደረደረብዎት።

ከአክብሮት ጋር፣
የ156 ኤፍ ኤም አይ ባለቤት፣ ሐዋሳ

ማሳሰቢያ፦ ገጽ 44 ላይ ሻይ ፈሷል። እኔ አይደለሁም።