ቀበሌ ጉንጭ የለውም

የሐዋሳን ሐይቅና ዓሣ ብቻ የምታወድሱ ሁሉ ሽምግልናዋን ገና አላያችሁም። ከቀበሌ ጋር ተጣልቶ ፍርድ ቤት ለሚመላለስ ተከራይ ከልቤ አዝናለሁ። እኛ ሰፈር ሦስት ሽማግሌና አንድ ጀበና ይበቃል።

ባለፈው ክረምት የጎረቤታችን የእማማ ተራ ደረሰ። ቤታቸው በአዋጅ 47/1967 ትርፍ ተብለው ከተወረሱት አንዱ ነው። ያኔ ወርኃዊ ኪራዩ እስከ 100 ብር የሆነው ቤት ለቀበሌ ተሰጠ፤ ጣሪያው ግን ለማን እንደተሰጠ እስከ ዛሬ አልተለየም። ማፍሰሱን ሲያመለክቱ «በጀት ሲለቀቅ» ተባሉ። ሁለት ክረምት ባልዲ ደቅነው ጠበቁ። ሲሰለቻቸው በራሳቸው ገንዘብ አራት ቆርቆሮ አስመቱ። በማግስቱ በራቸው ላይ «ያለ ፈቃድ በማደስዎ» የሚል ማስጠንቀቂያ ተለጠፈ። ቀበሌያችን ቀርፋፋ ነው ያለ ማነው?

ሽማግሌዎቹ እዚያው ቤት ተሰየሙ። አዋጅ 1237/2013 አስታራቂ ገለልተኛ ይሁን ይላል። የእኛ ሰብሳቢ የቀበሌው ኮሚቴ አባል ስለሆኑ የአንደኛውን ወገን ሐሳብ ሳይጠይቁም ያውቁታል፤ ስንት ሰዓት ተረፈ! የሲዳማ አባቶች «አፊኒ?» ይላሉ፣ «ሰማችሁ ወይ?» እንደ ማለት ነው፤ ሳይሰማሙ አይነሱም። የእኛዎቹ ቶናው ሳይቀዳ ጨርሰዋል።

መሀል ላይ ዝናቡ መጣ። ጠብ፣ ጠብ፣ ሰብሳቢው ነጠላ ላይ። ወንበራቸውን ወደ ግራ ሳቡ፣ ተከተላቸው። ወደ በሩ ሳቡ፣ እዚያም አገኛቸው። ዞረው ዞረው አራቱ አዲስ ቆርቆሮ ስር ደረቅ ቦታ አገኙና እዚያ ተደላድለው፣ «እህታችን፣ መንግሥት አባት ነው፤ አባት ሳይፈቅድ ጣሪያ ይነካል?» አሉ።

ድሮ «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ነበር። አሁን ሠልጥነናል፤ አይከሰስም፣ ይታረቃል። እርቁም ሁለቱም ወገን የሰጡበት ነው፤ እማማ ይቅርታና የቅጣት ገንዘብ ሰጡ፣ ቀበሌው «ይታያል» የሚል ቃል ሰጠ። ተሳሳሙ ሲባል ትንሽ ግራ መጋባት ነበር፤ ቀበሌ ጉንጭ የለውም። የቤቶች ባለሙያው ትከሻ ተስሞ አለፈ።

ቃለ ጉባኤው በሁለት ቅጂ ተፈረመ። እማማ የእሳቸውን ዝናብ እንዳይነካው ከአዲሶቹ ቆርቆሮዎች ስር ግድግዳው ላይ ለጥፈውታል። ሁለተኛው ነጥብ ቆርቆሮዎቹ በ15 ቀን ውስጥ ይነሱ ይላል።