ከ200 በላይ ፊልም ስለሠራው ስፔናዊ

ሲኒማ የሚወዱ ጥቂት የማውቃቸው ሰዎች በቅርቡ ስለ ስፔናዊው ተዋናይ ስለ ሆሴ ሉዊስ ሎፔዝ ቫስኬዝ ተከራክረው ነበር። ሰውየው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1922 ማድሪድ ተወልዶ በ2009 እስኪያርፍ ድረስ ከ200 በላይ ፊልሞች ላይ መሥራቱ አንደኛውን ተከራካሪ ከማስደነቅ ይልቅ አበሳጭቶታል። በ1960ዎቹና በ70ዎቹ በጥድፊያ የተቀረጹትን፣ ተዋናዩ ሴት ባየ ቁጥር የሚቅበጠበጥ ጎልማሳ ሆኖ የሚመላለስባቸውን ቀልዶች እየጠቀሰ፣ «ይህን ያህል የሠራ ሰው መርጦ ሠራ አይባልም፤ ተሰጥኦውን በትኖታል» አለ።

አጠገቡ የነበረችው ወዳጃችን ግን አልተዋጠላትም። «የዳይሬክተሩን የበርላንጋን ፊልም ፕላሲዶን ለምን ትዘለዋለህ?» ብላ ከጠየቀችው በኋላ፣ ሃይሜ ደ አርሚኛን በ1972 ባወጣው «ሚ ኬሪዳ ሴኞሪታ» ውስጥ፣ ሴት ተብላ አድጋ በአርባዎቹ ዕድሜዋ ወንድ መሆኗን ከሐኪም የምትሰማውን የትንሽ ከተማ ወይዘሪት ሲጫወት፣ ቀሚስ የለበሰ ወንድ በቀላሉ የሚያስገኘውን ሳቅ አንድም ጊዜ እንዳልፈለገው አስረዳች። ሦስተኛው ሰው ተዋናይም እንጀራ ይበላል ብሎ ነገሩን ሊያበርድ ሞከረ፤ የሰማው የለም።

በእኔ አስተያየት ለክርክሩ እልባት የሚሰጠው በዚያው በ1972 አንቶኒዮ መርሴሮ ለስፔን ቴሌቪዥን የሠራው «ላ ካቢና» የተባለው ፊልም ነው። ልጁን ወደ ትምህርት ቤት አውቶቡስ የሸኘ ሰው ቀይ የስልክ ዳስ ውስጥ ይገባል፤ ስልኩ አይሠራም፣ በሩም አይከፈትለትም። አላፊ አግዳሚው ከቦ ይስቅበታል፤ የእሳት አደጋ ሠራተኞች ሊሰብሩት ሲሉ የስልኩ ድርጅት ሰዎች ደርሰው ከነዳሱ በመኪና ጭነውት ይሄዳሉ። (መጨረሻውን ላላየ አልናገርም።) ድምፁ ከመስታወቱ አልፎ ስለማይሰማ፣ መጀመሪያ ኀፍረቱን፣ ቀጥሎም ፍርሃቱን የሚነግረን ፊቱ ብቻ ነው። የስፔን ተመልካች ደግሞ ያን ፊት ለዓመታት ሲስቅበት ስለኖረ፣ እንደ ልማዱ ከተሰበሰበው ሕዝብ ጋር መሳቅ ይጀምርና የሚስቀው በማን ላይ እንደሆነ የሚገባው ዳሱ መኪናው ላይ ከተጫነ በኋላ ነው። ቁምነገር ብቻ ሲሠራ የኖረ ተዋናይ እዚያ ቢገባ ገና ከጅምሩ ይታዘንለት ነበር። እነዚያን ጥድፊያ የበዛባቸው ቀልዶች ተቀምጣችሁ እዩ ብዬ ማንንም አልመክርም፤ በ1973 ለቴሌቪዥን ሥራዎች የሚሰጠውን ዓለም አቀፉን የኤሚ ሽልማት ላገኘው ለዚህ ሥራ ግን ተመልካቹን ያዘጋጁት እነሱ ናቸው።