ፊርማውም ሙሉ ጋብቻ ነው

እህቴ፣ «አዳራሽ ተከራይቶ ካልተደገሰ በፊርማ የሚፈጸም ጋብቻ ሙሉ አይደለም» ያልሽው ስህተት ነው። ብዙ ሰው የሚለው ነገር ስለሆነ ላርመው። አዲስ አበባ ላይ የሚሠራው የ1992ቱ የቤተሰብ ሕግ በክብር መዝገብ ሹም ፊት፣ በሃይማኖትና በባህል የሚፈጸሙትን ጋብቻዎች እኩል ያያቸዋል። በሹሙ ፊት ለመፈረም ሙሽራውም ሙሽሪትም ሁለት ሁለት ምስክር ይዘው ይቀርባሉ። ደግሱ የሚል አንቀጽ የለም።

ፒያሳና አራት ኪሎ አካባቢ ስንቱ ነው የቬሎ ኪራይ፣ ዲኮር፣ ቪዲዮ፣ ሊሞዚን፣ ከዚያ መልስና ቅልቅል እያለ በዕዳ ጎጆ የሚወጣው! በጣም ያሳዝነኛል። አቅሙ ያለው ይደግስ፣ ደስታ ነው። ሕጉ ግን የሚጠይቀው ሌላ ነገር ነው፤ በቤተ ክርስቲያን ወይም በኒካህ የተጋባም ቢሆን ጋብቻውን ማስመዝገብ አለበት።