ደሴቱ የትም አይሄድም

በሰዓቱ የሚመጣ ሰው ያሳዝነኛል። ወይ ቤቱ ቡና የሚያፈላለት የለም፣ ወይ እንቅልፍ አይወስደውም፣ ወይ ደግሞ ያልነገረን ነገር አለ። ጎንደር ላይ እንዲህ ያለውን ሰው ለማግኘት አትቸገሩም። ቅዳሜ ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ፒያሳ ውጡ። ብቻውን ቆሞ፣ እጁን ብብቱ ውስጥ ከቶ፣ በብርድ የሚንቀጠቀጠው እሱ ነው።

ዛሬ የማመሰግነው ግን እሱን አይደለም። የሚያስጠብቀውን ነው። ውለታውን የቆጠረለት ስለሌለ እኔ ልቁጠርለት።

መንገዱ ሰላም በሆነበት አንድ ቅዳሜ፣ ሠላሳ ሁለት ሆነን የጣናን ደሴቶች ልናይ ተመዘገብን። የደርሶ መልስ ጉዞ ነው። በአውቶቡስ እስከ ጎርጎራ፣ ከጎርጎራ በጀልባ። በክፍያው ውስጥ ቁርስ፣ ምሳና ቲሸርት አለበት። ቴሌግራም ላይ የተለቀቀው ማስታወቂያ "መነሻ ከጠዋቱ 12:00 ሰዓት በትክክል!!!" ይላል። "በትክክል" የምትለዋ ቃል ከሥሯ ተሰምሮባታል፣ ሦስት ቃለ አጋኖም ተደርድሮላታል። አገሩን የሚያውቅ ሰው ይህን ሲያይ ወዲያው ይገባዋል። ሁለት ሰዓት ተኩል ማለት ነው።

ያልገባቸው አንድ ሰው ብቻ ነበሩ። ጡረታ የወጡ የሂሳብ መምህር ናቸው፣ ጋሼ እንላቸዋለን። ለ12 አሥር ጉዳይ ላይ ጋቢያቸውን ተከናንበው ቆመው ነበር አሉ። አሉ የምለው እኔ በቦታው ስላልነበርኩ ነው። እኔ አርባ ደቂቃ አርፍጄ ስደርስ ሁለተኛ ወጣሁ። ጋሼ ሰዓታቸውን አዩ፣ እኔን አዩ፣ ምንም አላሉም። ሰውን እንዲህ ዝም ብሎ ማየት ነውር መሆኑን ማንም አልነገራቸውም መሰለኝ።

አስተባባሪው ልጅ ስልኩን ድምፅ ማጉያ ላይ አድርጎ አንድ በአንድ ይደውል ጀመር።

አንዷ "ደርሻለሁ፣ ደርሻለሁ!" አለች። ከኋላዋ ዶሮ ይጮኻል። ፒያሳ ላይ ዶሮ የለም።

ሁለተኛው "መንገድ ላይ ነኝ" አለ። አልዋሸም። ቤታቸው መንገድ ዳር ነው።

ሦስተኛው "ባጃጅ ውስጥ ነኝ፣ አምስት ደቂቃ!" ብሎ ማለ። ድምፁ መሀል ውሃ ሲንፏፏ ይሰማል። እኛ ግን እሱ ባጃጅ ውስጥ ፊቱን መታጠቡ አልገረመንም። የገረመን በዚያ ሰዓት ጎንደር ውስጥ የቧንቧ ውሃ ማግኘቱ ነው። "የት ሰፈር ነህ?" የሚል ጥያቄ ከሦስት ሰው ተነሣ።

እስኪ ይሄን ችሎታ አስቡት። ሰውዬው አልጋው ውስጥ ሆኖ ሠላሳ ሰው ብርድ ላይ ያቆማል። ንጉሥ እንኳ እንዲህ የሚያደርገው ዘበኛ ልኮ ነው።

ደግሞ ጥቅሙን ተመልከቱ። በዚያ ሁለት ሰዓት ተኩል ውስጥ ሊስትሮው የሁላችንንም ጫማ ጠረገ፤ ሁለት ሰው ሁለት ጊዜ አስጠረገ። ሻይ የምትሸጠዋ እናት ፔርሙሷ ተራቆተና ልጇን ወደ ቤት ላከች። ማንም ከማንም ጋር የማይተዋወቀው ተጓዥ ዘር ቆጥሮ ሁለቱ የአክስት ልጆች ሆነው ተገኙ። አርፋጅ ባይኖር ይሄ ሁሉ ከየት ይመጣ ነበር? በሰዓቱ የመጡት ጋሼስ ለከተማው ኢኮኖሚ ምን አበረከቱ? ጫማቸውን እንኳ ቤታቸው ጠርገው ነው የመጡት።

ባለ ባጃጁ በመጨረሻ መጣ። በእግሩ። የዋና አርፋጅ አመጣጥ አይታችሁ ታውቃላችሁ? አይሮጥም። ይቅርታ አይልም። እንደ ሙሽራ ዝግ ብሎ ይመጣና ሁሉንም ተራ በተራ ትከሻ ለትከሻ ገጭቶ ሰላም ይላል። ሰላምታው ብቻ ሩብ ሰዓት ፈጀ። ከዚያ ያኮረፈ ፊት አየና፣ ያቺን የማትረሳኝን ቃል ተናገረ።

"ምን ያስጨንቃችኋል? ደሴቱ እንደሆነ የትም አይሄድ!"

ሳቅን። አውቶቡሱ ለሦስት ሃያ ጉዳይ ላይ ተንቀሳቀሰ። አጨበጨብን ሁሉ።

ገና ከጎንደር ሳንርቅ፣ አዘዞ ስንደርስ ቆመ። የአንዷ እህት አዘዞ ላይ ትጠብቀናለች ተብሎ ነበር፤ እኛ ነን የጠበቅናት። እስክትመጣ ቁርስ ይበላ ተባለ። ለሠላሳ ሁለት ሰው ጨጨብሳና ፉል በአንድ ምድጃ ማለት ስንት ሰዓት እንደሚፈጅ ሂሳብ የሚችሉት ጋሼ ብቻ ናቸው። አስልተው ሲጨርሱ ይመስለኛል ከጎኔ ሆነው የተናገሩት።

"አፄ ፋሲል ያረፉት የት እንደሆነ ታውቃለህ?"

"የት ነው ጋሼ?"

"እዚሁ አዘዞ። በ1660 ዓ.ም.። የተቀበሩትስ?"

ይህን አውቀዋለሁ። "ዳጋ እስጢፋኖስ፣ ጣና ላይ ካለው የደሴት ገዳም።"

"አየህ፣ ልጄ" አሉ ሻያቸውን እያማሰሉ። "ሞተው እንኳ ከአዘዞ ተነሥተው ዳጋ ደርሰዋል። አውቶቡስ የለ፣ ሞተር ያለው ጀልባ የለ። እኛ በሕይወት ያለነው ደግሞ..."

ፉሉ መጣ፤ ንግግራቸው ተቋረጠ። ደግ ነው የተቋረጠው። ሰው ቁርሱን እየበላ እንዲህ አይባልም።

ዳጋን ማስታወቂያው ላይ በትልቁ ጽፈውት ነበር። ፋሲል ብቻ አይደሉም እዚያ ያሉት። ይኩኖ አምላክ፣ ዳዊት፣ ዘርዓ ያዕቆብ፣ ዘድንግል አፅማቸው ያረፈው በዚያች ደሴት ገዳም ነው። የጎንደር ልጅ የፋሲልን ግንብ እያየ አድጎ፣ ፋሲልን ራሳቸውን ሳያይ መሞት የለበትም ብለን ነው ገንዘባችንን የከፈልነው። ሴቶች ዳጋ እንደማይገቡ ግን ማስታወቂያው ላይ በትንሹም አልተጻፈም። ለማንኛውም አላስፈለገም፤ ለምን እንደሆነ ወዲያው ታያላችሁ።

ቆላ ድባ ለሽንት ቆምን። ጯሂት ለሸንኮራ ቆምን። የደምቢያን ሜዳ እንዲህ ተረጋግቶ ያየው መንገደኛ ያለ አይመስለኝም።

ጎርጎራ የደረስነው ለስድስት ሩብ ጉዳይ ነው። ዳር ላይ እምቦጩ ቀድሞን ደርሷል፤ እሱ ሳይመዘገብ ነው የመጣው። አንድ ታንኳ ያለው ሰው ውሃ ውስጥ እስከ ጉልበቱ ቆሞ ደንገል ታንኳውን እየጎተተ ያወጣል። ስናየው አነሣና ድንጋይ ላይ አስደግፎ አቆመው። ውሃው ከደንገሉ መሀል በቀጭኑ ይንጠባጠባል። እስኪደርቅ እንደዚያ ቆሞ ይውላል። ከጎኑ በገመድ የተሰካ ቆሮሶና አንድ ትልቅ አምባዛ ተጋድሟል። ሰውዬው ሥራውን ጨርሶ ወደ ቤቱ ሊሄድ ነው።

"ወዴት ናችሁ?" አለን።

"ወደ ዳጋ!"

ሰማዩን አየ። እኛን አየ። "ነገ?" አለ።

ጀልባ ነጂውም ከዚህ የተለየ ነገር አልተናገረም፣ ብቻ እሱ ረዘም አደረገው። ጣና ጠዋት እንደ መስታወት ነው። ፀሐይ ሲበረታ ነፋስ ይነሣል፤ ከሰዓት በኋላ ማዕበሉ አያስቀምጥም። ሐይቁ ሦስት ሺህ ስኩዌር ኪሎ ሜትር ያህል ይሰፋል፣ ጥልቀቱ ግን ጥልቅ በተባለው ቦታ አሥራ አራት ሜትር ገደማ ነው። ሰፊና ጥልቀት የሌለው ውሃ ደግሞ ነፋስ ሲነካው ቶሎ ይቆጣል። ዳጋ ከጎርጎራ ሩቅ ነው፤ በማለዳ ተነሥቶ ነፋሱ ሳይመጣ መድረስ ይጠይቃል። "12 ሰዓት ከጎንደር ትነሣላችሁ የተባልኩት ለዚህ ነበረ" አለ። ይህን ሲል አስተባባሪውን አየው፣ አስተባባሪው ባለ ባጃጁን፣ ባለ ባጃጁ ደግሞ ሐይቁን።

እውነቴን ነው፣ በጣና ላይ ቅሬታ አለኝ። ይህን ያህል ዘመን ከእኛ ጋር ኖሮ ነፋሱ እስካሁን በሰዓቱ ነው የሚመጣው። ትንሽ እንኳ አመላችንን አይለምድም?

ደግሞ ጣና ራሱ መጠበቅን ቢያውቅ ያምርበት ነበር። አስተባባሪው ከወረቀት እያነበበ ሲያስረዳን እንደሰማሁት፣ ሐይቁ የእሳተ ገሞራ ሥራ ነው። ከምድር የፈሰሰ ቀልጦ የረጋ ድንጋይ በደቡብ በኩል የውሃውን መንገድ ዘጋው፤ ውሃው መሄጃ ሲያጣ ተጠራቀመና ሐይቅ ሆነ። ደሴቶቹም እንዲሁ ከእሳተ ገሞራ አለት የተሠሩ ናቸው። እንግዲህ ጣና ማለት መንገድ ላይ የቆመ፣ አስጠብቀውት የቀረ ውሃ ነው። ከእኛ በላይ ዘመዳችን ማን አለ? ባለ ባጃጁ ይህን ሲሰማ "አላልኳችሁም!" ብሎ ጣቱን ቀሰረ። እሳተ ገሞራው ራሱ አርፍዶ ነው የፈነዳው ብሎም ሊያስረዳን ሞከረ። ከማን አርፍዶ እንደሆነ ግን አልነገረንም።

ዳጋ ቀረ። በምትኩ ማንዳባ መድኃኔዓለም እንዲወስደን ነጂውን ለመንነው፤ ከጎርጎራ ቅርብ ነው። ምሳ ከተበላ በኋላ ይሁን አሉ ብዙኃኑ። ምሳው ዓሣ ጥብስ ነበር፣ ዓሣው ገና እየተጠበሰ ነበር። ስምንት ሰዓት ተኩል ላይ ጀልባው ተነሣ።

የዚያን ዕለት ሕይወት ጃኬት ለብሰው የማያውቁ ሰዎች ሕይወት ጃኬቱን እቅፍ አድርገው ይዘውት አየሁ። ሙዚቃው በራሱ ጊዜ ጠፋ። ለፎቶ ጀልባው አፍንጫ ላይ ቆማ የነበረችው ልጅ ቁጭ አለች፣ ቀጥሎ ተኛች። አንዷ እናት ከቦርሳቸው ሎሚ አውጥተው ለሁለት ከፈሉና በየአፍንጫው አዞሩት። ባለ ባጃጁ ሁለት ጊዜ አሽትቶ ሦስተኛ ጠየቀ።

ማንዳባም ወንድ ብቻ ነው የሚገባው። ሴቶቹ ጀልባው ላይ ቀሩ። "ለእኔ የተለወጠ ነገር የለም" አለች አንዷ። "ጠዋትም ስጠብቅ ነበር።"

በር ላይ አንድ አባት ተቀበሉን። ልንሳለም፣ ልናይ፣ ታሪኩን ልንሰማ መጣን አልናቸው። ደስ አላቸው። ወዲያው ግን ከውስጥ ደወል ተመታ። በጣና ገዳማት እንደሚታየው የድንጋይ ደወል ነው፤ በገመድ የተንጠለጠለውን አለት በሌላ ድንጋይ ሲመቱት ቀጭን፣ ንጹሕ ድምፅ ያወጣል። ቆም ብዬ ሳስበው ገረመኝ። የረጋ የእሳተ ገሞራ ድንጋይ እንኳ በዚህ አገር ሰዓት ያከብራል።

"የጸሎት ሰዓት ደረሰ፣ ልጆቼ" አሉ አባ። "በማለዳ ብትመጡ ኖሮ ሁሉን አሳያችሁ ነበር። ተሳለሙና በሰላም ሂዱ።"

ተሳለምን። ጋሼ ሰዓታቸውን አዩና "አሥራ ሰባት ደቂቃ" አሉ። በደሴት ላይ የቆየነውን መሆኑ ነው። ከፒያሳ ከተነሣንበት ስድስት ሰዓት አልፎ ነበር። እሳቸው ከቆሙበት ከተቆጠረማ ዘጠኝ ሰዓት። ክፍልፋዩን አስልተው ሊነግሩኝ ሲሉ ማዕበሉ ጀልባዋን ወደ ጎን ጣላትና ተረፍኩ።

የባለ ባጃጁ ቃል ግን ጠብ አላለችም። ደሴቱ የትም አልሄደም። እኛም የትም አልሄድንም። ዳጋ እዚያው፣ ፋሲል እዚያው።

ቲሸርቱ ዕለቱን አልደረሰም ነበር፤ እሱም አረፈደ። በሳምንቱ ፒያሳ ላይ ታደለ። ነጭ ነው፣ ጀልባና ደሴት ተሥሎበታል፤ ደረቱ ላይ በሰማያዊ "ዳጋን አየሁ" ይላል። ማተሚያ ቤቱ አስቀድሞ ጨርሶት ኖሯል። ሁላችንም ለብሰን ፎቶ ተነሣን። ፎቶው በጣም ተወደደ፤ "እንኳን አየህ" ያለኝ ሰው ብዙ ነው።

ባለፈው እሑድ ጋሼን ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ አገኘኋቸው። ቲሸርቱን ከነጠላቸው ሥር ለብሰውታል። ቀረብ ብዬ ሳይ ግን አርመውታል። የድሮ ተማሪዎቻቸው የሚያውቋትን ቀይ እስክሪብቶ አውጥተው "ዳጋን" የምትለዋን በአንድ መስመር ሰርዘው፣ ከላይዋ በዚያ ቆንጆ የሰሌዳ ጽሕፈታቸው "አዘዞን" ብለዋል።